በአውሮፕላን ሥር የሚዘፍኑት ጎረቤቴ

ፈጣሪ ለዓይን ቆብ፣ ለአፍ ከንፈር ሰጥቶ ጆሮን ግን በር እንደሌለው ቤት ክፍቱን ተወው። ለምን እንዲህ እንዳደረገ በበኩሌ ብዙ አስቤበታለሁ። ሰው ጎረቤቱን ማየት ቢያስጠላው፣ ማናገርም ቢታክተው፣ መስማቱ እንኳ እንዳይቀርበት ብሎ ይሆናል። ሐሳቡ መልካም ነው። ብቻ ይህ ሁሉ የታሰበው ኮምፔንሳቶ ከመፈልሰፉ በፊት መሆን አለበት። ኮምፔንሳቶ የምላችሁ ያንን ስስ ጣውላ ነው፤ ቀለም ይቀቡትና ግድግዳ ነው ይሏችኋል። ከጎረቤታችሁ የሚለያችሁ እሱ ከሆነ ጎረቤታችሁ ሲያዛጋ እናንተም ታዛጋላችሁ፤ ሲያስነጥሰው «ይማርህ» ማለት ግዴታችሁ ነው፤ እሱም ከወዲያ «ያኑርህ» ይላችኋል። እንዲህ እየተመራረቃችሁ አንድ ቀን ትጣላላችሁ።

«ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት» ይባላል። ይህን የተረተው ሰው በጎጆና በጎጆ መካከል ቢያንስ አንድ ማሳ በነበረበት ዘመን የኖረ ነው። እኔ የማወራላችሁ ጎረቤት ግን የአልጋው ራስጌ ከአልጋዬ ራስጌ በአንዲት ጣት ውፍረት የተለየ ጎረቤት ነው። እንዲህ ያለውን ቅርበት የሚመለከት ተረት አልሰማሁም፤ ካላችሁ ንገሩኝ።

ዘመኑ የደርግ ዘመን፣ ቦታው ቦሌ ነው። ቦሌ ስላችሁ የዛሬውን በመስተዋት የተለበጠ ፎቅ እንዳታስቡ። ያኔ ከአውሮፕላን ማረፊያው ባሻገር ገብስ ይታጨድ ነበር፤ ወደ መገናኛ ለመሄድ የፈለገ ሰውም አውቶቡስ እየጠበቀ ጺሙ ያድግ ነበር። እኔና ጋሽ ይርዳው የምንኖረው ባለቤቱ አገር ጥሎ በሄደ አንድ ቪላ ጓሮ ነው። ቪላው የመንግሥት ቢሮ ሆኗል። ጓሮ ያለው ረጅም ሰርቪስ ቤት ግን በቀበሌው እጅ ገባና፣ ቀበሌውም ቤት ያጣውን ሕዝብ አስታውሶ መሐል ለመሐል በኮምፔንሳቶ ከፍሎ ለሁለት ወንደላጤዎች አደለን። ቤቱ የነበረው መስኮት አንድ ብቻ ስለሆነ ግድግዳው ልክ መስኮቱ መሐል ላይ አረፈ። የግራው መዝጊያ ለእኔ፣ የቀኙ ለእሳቸው ደረሰ። ንጹሕ አየር እንኳ በፍትሐዊ ክፍፍል ነበር የምንተነፍሰው።

እኔ ያኔ የሠላሳ ሁለት ዓመት ሰው፣ የአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ሠራተኛ ነበርኩ። ሚስት የለኝም፣ ልጅ የለኝም፤ ያለኝ እምነት ነው፤ እምነቴም በወረቀት ነው። ያልተጻፈ ነገር አልተደረገም ብዬ አምናለሁ። ሌላው ሰው ሲከፋው ይቆጣል፣ ይሳደባል፣ ጸበል ይገባል። እኔ ማመልከቻ እጽፋለሁ። ስጽፍም ግራና ቀኙን አስተካክዬ፣ ግልባጭ አስቀርቼ ነው።

ጋሽ ይርዳው ደግሞ ወደ ስድሳ የተጠጉ፣ ቀጭን፣ ረጅም፣ ስኳር ለመሸመት ቀበሌ ሱቅ ሲሰለፉ እንኳ ከረባት የሚያስሩ ሰው ነበሩ። ትውልዳቸው ቡታጅራ ነው። አባታቸው የአቡጀዲ ነጋዴ ስለነበሩ ልጃቸው ክንድ እየለካ እንዲሸጥ ፈልገው ነበር። ልጁ ግን ሲለካ ያዜማል፤ ዜማው ሲረዝም ክንዱም አብሮ ይረዝማል፤ ደንበኛው ደስ ብሎት ሲሄድ አባት ያዝናሉ። በኋላ አዲስ አበባ መጡና የአንድ ጦር ክፍል ሙዚቀኞች ዘንድ ገቡ፤ ከዚያም ቲያትር ቤት። ቲያትር ቤቱ ውስጥ አንድ የውጭ አገር የሙዚቃ መምህር ነበር። ድምፃቸውን ሰምቶ «አንተ ቴኖር ነህ» ቢላቸው ስድብ መስሏቸው ሁለት ቀን አኩርፈው ነበር። ቴኖር ማለት ከወንድ ድምፅ ሁሉ ቀጭኑና ከፍ ብሎ የሚወጣው መሆኑን ሲረዱ ግን ሌላ ስም እስኪመስል ድረስ ይዘውት ቀሩ።

ያ መምህር የሚያዘጋጃቸው ተውኔቶች ንግግራቸው ሁሉ በዜማ የሆነ፣ ሰው የሚያስቁ ነበሩ። ጋሽ ይርዳው በሁሉም ውስጥ አፍቃሪው ወጣት ናቸው። በልጅቷ መስኮት ሥር ይቆማሉ፤ አባቷ እንዳይነቃ በለሆሳስ፣ በሹክሹክታ የቀረበ ዜማ ያዜማሉ፤ አባትየው ይነቃል፤ አንድ ባልዲ ውኃ ከላይ ይቸልስባቸዋል፤ መጨረሻ ላይ ይጋባሉ። ጥበቡ ሁሉ ያለው፣ ይሉኝ ነበር፣ ድምፅ ሳያሰሙ መሰማት ላይ ነው። በመድረክ ላይ ያላገቧት የሙያ ጓደኛ አልነበረችም። ከመድረክ ሲወርዱ ግን ሙሽሪት ከባሏ ጋር ወደ ቤቷ ትሄዳለች፤ እሳቸው እርጥብ ልብሳቸውን ጨምቀው ብቻቸውን ይሄዳሉ።

መምህሩ አገሩ ሲመለስ አንድ ፎቶግራፍ ሰጥቷቸው ነበር። በእንግሊዟ ንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን የነበረ የአስቂኝ ኦፔራ ቴኖር ነው፤ ጢሙን አሹሎ፣ ረጅም ባርኔጣ ደፍቶ፣ እጁን ልቡ ላይ አድርጎ ቆሟል። ጋሽ ይርዳው ስሙን አይጠሩትም፤ «ሚስተር» ነው የሚሉት። የሕይወት ታሪኩን ግን እንደ አጎታቸው ልጅ ታሪክ ያውቁታል። ሚስተርም እንደ እሳቸው የጨርቅ ሱቅ ተላላኪ ነበር። ሚስተርም በየምሽቱ መስኮት ሥር ቆሞ አፍቅሯል፣ በባቡር ከከተማ ከተማ ዞሯል። ዕድሜው ሲገፋ አፍቃሪነቱን ነጥቀው የልጅቷን አባት አድርገውታል፤ ሲገፋ ደግሞ አያቷን። «ግን ሁልጊዜ ይጠሩት ነበር» ይላሉ ጋሽ ይርዳው፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «እስኪሞት ድረስ ይጠሩት ነበር።»

አንድ ጊዜ የቤት ለቤት ፍተሻ ሲደረግ ፈታሹ ወጣት ፎቶግራፉ ፊት ቆሞ «ይሄ ማነው?» አላቸው።

«የሥራ ባልደረባዬ ነው» አሉ ጋሽ ይርዳው።

«ፊውዳል ነው እንዴ?»

«ኧረ ላብ አደር ነው። አላየኸውም እንዴ፣ ያ ሁሉ ልብስ ላዩ ላይ ተጭኖ ሲዘፍን እንዴት እንደሚያልበው!»

ፈታሹ ሚስተርን ትኩር ብሎ አየውና አለፈ። እኔ በመስኮቴ ግማሽ ሆኜ ሳቄን አፈንኩ።

አብዮቱ ሲመጣ መስኮት ሥር የሚቆም አፍቃሪ ጊዜው አለፈበት። እንዲያውም ያኔ መስኮት ሥር የሚቆም ሰው የሚጠረጠረው በሌላ ነገር ነበር። ጋሽ ይርዳው በድልድል ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ዕቃ ግምጃ ቤት ተዛወሩና የመኪና ጎማ ተረካቢ ሆኑ። ከቲያትር ቤቱ ሲሸኟቸው ግን አንድ ሰው «ስንፈልግዎ እንጠራዎታለን» አላቸው። እኔና እናንተ እንዲህ ስንባል ትርጉሙ ምን እንደሆነ እናውቃለን። እሳቸው አላወቁም። ሲጠሩ ድምፃቸው ዝገት ይዞት እንዳይገኝ ብለው በየቀኑ ከንጋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ይለማመዱ ጀመር። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ።

ላሚቱ በሰማይ ትሁን እንጂ እምቧታው እኔ ራስጌ ነበር። መጀመሪያ ጉሮሯቸውን ይጠርጋሉ። ቀጥሎ እንደ መሰላል ከታች ወደ ላይ አንድ አንድ እያሉ ይወጣሉ። ጫፍ ላይ ሲደርሱ ከሁሉ የምትበልጠዋን ከፍተኛ ድምፅ ይሞክራሉ፤ ታመልጣቸዋለች። ይሞክራሉ፤ ታመልጣቸዋለች። በሦስተኛው ይይዟታል፤ ከያዟት ደግሞ አይለቋትም። እኔ አልጋዬ ላይ ተኝቼ ትንፋሼን ይዤ እጠብቃለሁ። እሳቸው ሲለቋት ነው እኔ የምተነፍሰው። አንድ ዓመት እንዲህ ከተነፈስኩ በኋላ ሁለት ገጽ ማመልከቻ ጻፍኩ።

ማመልከቻውን ይዤ ቀበሌ ስሄድ ቢሮው ተዘግቶ ስለነበር ለዘበኛው ሰጠሁትና ተመለስኩ። እንደ ጨዋ ሰው ደግሞ ለራሳቸው መንገር አለብኝ ብዬ በራቸውን አንኳኳሁ።

«ጋሼ፣ ስለ ጠዋቱ ዘፈን ለቀበሌ አመልክቻለሁ። እንዳይቀየሙኝ።»

«ለቀበሌ?» አሉ። ፊታቸው አመድ መሰለ። «ለቀበሌ ነው ያልከኝ?»

«አዎ፣ ለቀበሌ።»

«እሺ ልጄ» አሉና በሩን ቀስ አድርገው ዘጉት።

እናንተ ያን ዘመን ካልኖራችሁበት ይህን አትረዱትም። ያኔ ቀበሌ የሚለው ቃል ብቻውን ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነበር። ሰው «ለፖሊስ እነግርብሃለሁ» ቢባል ይከራከራል፤ «ለቀበሌ» ከተባለ ግን ምሳውን ይተዋል። በማግስቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ዝም ሆነ። በሳልስቱም ዝም። እኔም የመንግሥትን ቅልጥፍና አደነቅኩ።

ሳምንታት አልፈው ይሆናል። አንድ እሑድ ጉንፋን ይዞኝ ቤት ዋልኩ። አውሮፕላን ተነሣ። መቼም በዚያ ዘመን ቦሌ የኖረ ሰው አውሮፕላን ሲያልፍ ወሬውን ካቆመበት ያቋርጣል፤ አፉን ከፍቶ ይጠብቃል፤ ድምፁ ሲርቅ «እና እንዳልኩህ» ብሎ ይቀጥላል። እኔም የምጠጣውን ሻይ አቋርጬ ስጠብቅ፣ ያ ሁሉ ግምግምታ እየራቀ ሄዶ ሊጠፋ ሲል ከሥሩ አንዲት ቀጭን ድምፅ ተርፋ ሰማሁ። ወዲያው ተቆረጠች። አውሮፕላኑ ጆሮዬን አስጩኾት ነው ብዬ ተውኩት። ቀጣዩ ሲነሣ ግን ያችው ድምፅ ከአውሮፕላኑ ጅራት ሥር ወጣች።

በመስኮቴ ግማሽ አንገቴን አስግጌ ወደ እሳቸው ግማሽ አየሁ። ጋሽ ይርዳው ከረባታቸውን አስረው ሚስተር ፊት ለፊት ቆመዋል። የእጅ ሰዓታቸውን ያያሉ። ሦስተኛው አውሮፕላን ሲነሣ እጃቸውን ልባቸው ላይ አደረጉ፣ ደረታቸውን ነፉ፣ አፋቸውን ከፈቱ። የአንገታቸው ሥር ሲገተር ይታየኛል። የምሰማው ግን አውሮፕላን ብቻ ነው። አውሮፕላኑ ሄደ፤ አፋቸውን ዘጉ፤ አልጋቸው ጫፍ ላይ ቁጭ ብለው የሚቀጥለውን ጠበቁ። በሕይወቴ ብዙ ብቸኛ ሰው አይቻለሁ፤ እኔም ራሴ ከእነሱ አንዱ ነኝ። እንደዚያ ብቻውን የሆነ ሰው ግን አላየሁም።

አፈርኩ። አፍሬስ ምን አደረግኩ? ምንም። ማመልከቻ ያስገባ ሰው ማመልከቻዬን ላንሣ ቢል «ምን አግኝተህ ነው? ማን አባብሎህ ነው?» ይባላል። ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም ብዬ ዝም አልኩ። እሳቸው በአውሮፕላን ሥር እየዘፈኑ፣ እኔ ሳላስበው ወንበሬን ወደ ኮምፔንሳቶው እያስጠጋሁ አራት ዓመት ኖርን። ቀስ በቀስ ከግምግምታው ሥር እሳቸውን ለይቼ መስማት ለመድኩ። ጄቱ ፈጣን ስለሆነ ለከፍተኛዋ ድምፅ ነው የሚመርጡት። የጭነቱ አንቶኖቭ ዘገምተኛ ስለሆነ ለሙሉ አዝማች ይበቃቸዋል። ቀኑ ደመናማ ሆኖ በረራ ሲቀር እሳቸውም እኔም ይከፋን ነበር። ስለዚህ ጉዳይ ግን አንድም ቀን አልተነጋገርንም፤ ከ«ይማርህ» እና ከ«ያኑርዎ» አላለፍንም።

በአራተኛው ዓመት መጨረሻ አንድ ቀን ከሥራ ስመለስ ጋሽ ይርዳው በሬ ላይ ቆመው ጠበቁኝ።

«ጠሩኝ» አሉ።

«ማነው የጠራዎት?»

«ቲያትር ቤቱ ነዋ! ልጆች ናቸው፣ አዲሶች። ከድሮዎቹ አንዱን አስቂኝ ተውኔት እንደገና ሊያሳዩ ነው። መስኮት ሥር የሚዘፈነውን ዜማ የሚያውቅ ሰው ቢያጡ የእኔን ስም ሰጧቸው። ከሦስት ሳምንት በኋላ ሊሰሙኝ ቀጥረውኛል።»

«እሰይ! እንኳን ደስ ያለዎት ጋሼ!»

«እሱስ ደስ ይላል። ግን አንድ ነገር ልለምንህ ነው» አሉና መሬት መሬት አዩ። «ድምፄ ትኑር አትኑር አላውቅም። አራት ዓመት ሙሉ አልሰማኋትም። የምለማመደው... ብቻ የምለማመድበት ቦታ አይሰማም። ያ ማመልከቻህ ቢነሣልኝና በግልጽ፣ ቀስ ብዬ ሦስት ሳምንት ብለማመድ...»

«ነገ ጠዋት ቀበሌ ሄጄ አስነሣዋለሁ» አልኩ። በሕይወቴ እንደዚያ ፈጥኜ ቃል ገብቼ አላውቅም።

«በጽሑፍ ይሁን» አሉኝ። «በቃል ከሆነ አልዘፍንም። ዛሬ በቃል የፈቀደ ነገ አልፈቀድኩም ይላል።» እባብ ያየ በልጥ በረየ።

በማግስቱ የቀበሌው ሊቀመንበር ፊት ቀረብኩ። ድሮ ልብስ ሰፊ የነበረ፣ ዛሬም ሲያነጋግራችሁ የትከሻችሁን ስፋት በዓይኑ የሚለካ ደግ ሰው ነው። ጉዳዬን ስነግረው ጸሐፊዋን ጠርቶ መዝገብ አስፈለገ። እሷ አንድ ሰዓት ፈለገች። እኔም የመዝገብ ቤት ሰው ነኝና ገብቼ አገዝኳት። የለም። በገቢ መዝገብ ላይ የለም፣ በፋይል የለም፣ ውሳኔም የለም። ያኔ ማመልከቻውን የሰጠሁት ዘበኛ ሥራ ከለቀቀ ቆይቷል።

«እንዲህ ያለ ማመልከቻ አልደረሰንም ጓድ» አለኝ ሊቀመንበሩ። «ሰውየውንም የከለከላቸው የለም። ዘፋኝ በቀበሌያችን መኖሩንም ገና ዛሬ መስማቴ ነው።»

ወንበር ያዝኩ። አራት ዓመት ሙሉ ጋሽ ይርዳውን ዝም ያሰኛቸው መንግሥት አልነበረም፣ ቀበሌ አልነበረም፤ እኔ ነበርኩ፤ እኔና አንዲት ቃል። አሁን ሄጄ «ጋሼ፣ ማንም አልከለከለዎትም ነበር፤ በከንቱ ነው ከአውሮፕላን ጋር ሲታገሉ የኖሩት» ልበላቸው? እናንተ ብትሆኑ ትሉ ነበር? እኔ ወኔ አልነበረኝም። ስለዚህ ከዚያ የተሻለ የመሰለኝን ጠየቅኩ።

«እንግዲያው መዝፈን ይችላሉ የሚል አንድ ወረቀት ይጻፍልኝ።»

ሊቀመንበሩ አሰበበት። ከልቡ ነው ያሰበው። «ጓድ፣ ያልተከለከለ ነገር እንዴት አድርጎ ይፈቀዳል?» አለኝ። «ነገ አንዱ መጥቶ ለመሳቅ ፈቃድ ስጡኝ ቢለኝስ? ግን መንገድ አለው። አንተ አዲስ ማመልከቻ ጻፍ፣ የፊታችን እሑድ ኮሚቴው ይከለክላቸዋል። ክልከላው በቃለ ጉባኤ ከገባ በኋላ ደግሞ ይፈቀድላቸው ብለህ ታመለክታለህ፤ በሚቀጥለው እሑድ ይነሣላቸዋል። ሁሉም በጽሑፍ!»

ሌላ ሰው ቢሆን ይስቅ ነበር። እኔ ግን የወረቀት ሰው ነኝ፤ በጣም ትክክል መሰለኝ። ኮሚቴው ጉዳዩን ቀላል ነው ብሎ እንዳይጥለው ደግሞ ማመልከቻውን ከበድ ማድረግ ነበረብኝ። ቁጭ ብዬ ስለ ጋሽ ይርዳው ድምፅ የማውቀውን ሁሉ ጻፍኩ። ስጽፍ ምን ያህል እንደማውቅ ገረመኝ። ለጋሽ ይርዳው ግን «ነገሩ በኮሚቴ እጅ ነው፣ ወረቀቱ ይመጣል» ብቻ አልኳቸው።

እሑድ ኮሚቴው ተሰብስቦ በሙሉ ድምፅ ከለከለ። የሚቀጥለው እሑድ የጽዳት ዘመቻ ሆነና ስብሰባ ቀረ። ከዚያ የሚቀጥለው እሑድ ሊቀመንበሩ ለሴሚናር ሄደ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው እኔን ነው። ጋሽ ይርዳው ሊሰሙ አንድ ቀን ሲቀራቸው የቀበሌው አዲስ ዘበኛ ማኅተም ያለበት ወረቀት አመጣላቸው። መነጽራቸው ስለደከመ እንዳነብላቸው ሰጡኝ። አነበብኩላቸው።

«የቀበሌያችን ነዋሪ የሆኑት ዘፋኙ ጓድ ይርዳው፣ ድምፃቸው የግቢውን አጥር አልፎ እስከ ዋናው መንገድ የሚሰማ በመሆኑ፤ የመጨረሻውን ከፍተኛ ድምፅ ሁለት ጊዜ ሞክረው በሦስተኛው ከያዙት በኋላ በቀላሉ የማይለቁት በመሆኑ፤ የሰማቸውም ሰው ሥራውን አቁሞ ለማዳመጥ የሚገደድ በመሆኑ፤ ሌላ ውሳኔ እስኪሰጥ ድረስ በግቢው ውስጥ እንዳይዘፍኑ ተወስኗል።»

ልረገም ተዘጋጅቼ ቀና አልኩ። ጋሽ ይርዳው አልጋቸው ላይ ቁጭ ብለዋል።

«እስቲ መጀመሪያውን ድገምልኝ።»

«ዘፋኙ ጓድ ይርዳው...»

«ዘፋኙ ይላል?»

«ይላል ጋሼ።»

«እስከ ዋናው መንገድ ይላል?»

«ይላል። በማኅተም ነው።»

«አለች ማለት ነው» አሉ። ዓይናቸው እንባ ሞላ። «እኔ እኮ የሞተች መስሎኝ ነበር። አለች!» ወረቀቱን ተቀብለው አጣጥፈው በኮታቸው የደረት ኪስ ከተቱት። በማግስቱ ጫማቸውን ወልውለው፣ ያንን የክልከላ ወረቀት እንደ ምስክር ወረቀት ይዘው ወደ ቲያትር ቤቱ ሄዱ።

እኔ ያን ቀን መዝገብ ቤት ሆኜ አንድም ፋይል በትክክል አላስቀመጥኩም። ወደ ቤት ስመለስ ጋሽ ይርዳው በራቸው ደፍ ላይ ተቀምጠዋል። ከረባታቸው ወልቋል።

«እንዴት ሆነ ጋሼ?»

«ዘፈንኩ» አሉ። «ድምፄ እንዳለች አለች። ምን ዋጋ አለው! ዜማው እኮ አባቷ እንዳይነቃ በለሆሳስ የሚዜም ነው። እኔ ለካ ቀስ ብሎ መዝፈንን ረስቼዋለሁ። ስጀምር የሰፈሩን አባት ሁሉ ነው የቀሰቀስኩት። ፒያኖ የሚመታው ልጅ ዘሎ ተነሣ። ዝቅ ላድርገው እላለሁ፣ እምቢ ይለኛል። አውሮፕላን ያለ እየመሰለኝ...»

ከዚያ ፈገግ ለማለት ሞከሩ። «ልጆቹ ጨዋ ናቸው። አጨበጨቡልኝ። አንዱማ ለሰልፍ ቢሆን ያለ ማይክራፎን ይበቃሉ አለኝ።»

ያችን ለስላሳ ዜማ የነጠቅኋቸው እኔ ነኝ። ከዚህ በላይ የሚያሳዝን ነገር ሠርቼ እንደሆነ አላስታውስም። አጠገባቸው ደፉ ላይ ተቀመጥኩ። ጋሽ ይርዳው ወረቀቱን ከኪሳቸው አውጥተው ዘረጉት።

«በአውቶቡስ ስመለስ አንድ ነገር ሳስብ መጣሁ» አሉኝ። «ሁለት ጊዜ ሞክሬ በሦስተኛው እንደምይዛት ቀበሌ በምን አወቀ?»

ማኅተሙን አተኩሬ ማየት ጀመርኩ።

«የሚያውቅ ሰው ቢኖር አንተ ብቻ ነህ። አንተስ ብትሆን ከአራት ዓመት በፊት የሰማኸውን እስካሁን ታስታውሳለህ? ወይስ...» ወደ ሰማይ አዩ። «በአውሮፕላኑ ሥርም ትሰማኝ ነበር?»

«እሰማዎት ነበር ጋሼ።»

«ሁልጊዜ?»

«ሁልጊዜ። ወንበሬን አስጠግቼ።»

ይቆጡኛል ብዬ ጠበቅኩ። ይሰድቡኛል ብዬም ጠበቅኩ፤ እንዲያውም ቢሰድቡኝ ደስ ባለኝ። እሳቸው ግን እጃቸውን ጉልበቴ ላይ አሳረፉና ፊታቸው እንዳለ በራ።

«ታዲያ እኮ ብቻዬን አልነበርኩማ!» አሉኝ።

ማንም ከልክሏቸው እንዳልነበረ ልነግራቸው ከፍቼው የነበረውን አፌን መልሼ ዘጋሁት።